የቸኮሌት ፋብሪካው ጌታና የምሳ ቤቱ ግድግዳ

ስለ አንድ ባለጸጋ ወሬ ሲነሣ እኛ ወጣቶች አብዛኛውን ጊዜ ከሁለት አንዱን እናደርጋለን። ወይ «የታደለ ሰው!» ብለን እናደንቃለን፤ ወይ ደግሞ «በድኻ ላብ የከበረ» ብለን እናልፋለን። ሁለቱም ከማሰብ ያሳርፋሉ። ዛሬ የምንመለከተው ሰው ግን በአንዱም በሌላውም በቀላሉ የሚገለጽ አይደለም። ስሙ ዮሃን ትሮነ ሆልስት ነው። አገሩ ኖርዌይ፣ ሥራው ቸኮሌት ማምረት ነበር። ፍሬያ የሚባለውን ፋብሪካ ገና በሃያ አራት ዓመቱ ገዝቶ፣ ኋላም ልጁን ጨምሮ የቤተ ሰብ ሥራ አድርጎት፣ በ1946 እስከሞተበት ጊዜ ድረስ ስሙ ከዚህ ፋብሪካ አልተለየም። (በዚህ ጽሑፍ የሚገኙት ዓመታት ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

ታሪኩን የምናጠናው ቸኮሌት ስለሚጣፍጥ አይደለም። አንድ የሚያከራክር ጥያቄ ስላለበት ነው። አንድ አሠሪ ለሠራተኞቹ መልካም ሲያደርግ፣ መልካም ያደረገው ስለ እነርሱ ብሎ ነው ወይስ ስለ ትርፉ? ደግሞስ ሠራተኛዋ ንጹሕ ወንበር ላይ ተቀምጣ ምሳዋን ስትበላ ይህ ልዩነት ለእርሷ ምን ያህል ነው?

ትሮነ ሆልስት የተወለደው በ1868 ትሮንድሃይም በምትባል ከተማ ነው። የዚያን ዘመን ኖርዌይ ዛሬ የምንሰማባት ሀብታም አገር አልነበረችም። በስዊድን ንጉሥ ሥር ነበረች፤ ሕዝቧ በዓሣ፣ በእንጨትና በመርከብ ሥራ ይኖር ነበር። ኑሮ ያልተሳካለትም በብዙ መቶ ሺሕ እየተቆጠረ ወደ አሜሪካ ይሰደድ ነበር። በዋና ከተማዋ፣ ያኔ ክርስቲያንያ ትባል በነበረችው (ኦስሎ የተባለችው ከ1925 ጀምሮ ነው)፣ ፋብሪካዎች እየበዙ ሄዱ። ከገጠር የመጡ ወጣት ሴቶችም በእነዚህ ፋብሪካዎች በርካሽ ዋጋ ይሠሩ ነበር።

ፍሬያ የተቋቋመው በ1889 ነው። በዚያው ዓመት፣ በዚያችው ከተማ፣ ሌላ ነገር ተፈጽሟል። በሁለት የክብሪት ፋብሪካዎች ይሠሩ የነበሩ ከሦስት መቶ በላይ ሴቶች ደመወዛቸው ስለተቀነሰ ሥራ አቁመው ወጡ። ደመወዙ ብቻም አልነበረም። ክብሪቱ የሚሠራበት ነጭ ፎስፎረስ እንፋሎቱ ጥርስንና የመንጋጋ አጥንትን ይበላ ነበር። ሴቶቹ በአድማው ያገኙት እምብዛም ነገር የለም፤ ነገር ግን ማኅበር መሥርተው ቀሩ። በኖርዌይ ሴት ሠራተኞች ታሪክ ዛሬም ድረስ የሚነሣ አድማ ነው። ይህን ያነሣነው ያለ ምክንያት አይደለም። ትሮነ ሆልስት በ1892 ፍሬያን ሲገዛ የአንድ ፋብሪካ ሴት ሠራተኛ ኑሮ ምን ይመስል እንደነበር ካላወቅን፣ ኋላ ያደረገው ነገር ትልቅ ይሁን ትንሽ ልንመዝን አንችልም።

ፋብሪካው ሩደሎካ በሚባል የሠራተኞች ሰፈር የነበረ ትንሽ ድርጅት ነው። ስሙን ያገኘው በጥንት የሰሜን ሰዎች ተረት የፍቅርና የውበት አምላክ ከተባለችው ከፍሬያ ነው። ለመሆኑ ቸኮሌት እንዴት ይሠራል? ለእኛ ለቡና አገር ልጆች ግማሹ ሥራ እንግዳ አይሆንብንም። የካካዎ ፍሬ ከቅርፊቱ ወጥቶ ለጥቂት ቀናት እንዲብላላ ይተዋል፤ ከዚያ በፀሐይ ይደርቃል። ፋብሪካ ሲደርስ ይቆላል፣ ይሰነጠቃል፣ ገለባው ይነፋል፣ ከዚያም ይፈጫል። ሲፈጭ ግን እንደ ቡና ዱቄት አይሆንም። ግማሽ ያህሉ ቅባት ስለሆነ ከወፍጮው የሚወጣው ጥቁር ወፍራም ፈሳሽ ነው። ከዚህ ፈሳሽ ላይ ቅባቱ ሲጨመቅ የሚቀረው ለመጠጥ የሚሆነው የካካዎ ዱቄት ነው። ፈሳሹ ከስኳርና ከተጨማሪ ቅባት ጋር ለብዙ ሰዓት ሲታሽ ደግሞ የሚበላው ቸኮሌት ይሆናል።

አስቸጋሪው ወተት መጨመሩ ነበር። ወተት አብዛኛው ውኃ ነው፤ የካካዎ ቅባትና ውኃ ደግሞ አይስማሙም። አንድ ማንኪያ ውኃ የገባበት የቀለጠ ቸኮሌት ወዲያው ይጓጉላል። ስለዚህ ወተቱ አስቀድሞ ውኃውን ማጣት አለበት። ይህን በ1875 በስዊስ አገር ዳንኤል ፔተር የሚባል ሰው ከብዙ ሙከራ በኋላ አሳካው፤ ለብዙ ጊዜም የወተት ቸኮሌት የስዊሶች ሞያ ሆኖ ቆየ። ፍሬያ የራሱን የወተት ቸኮሌት ለገበያ ያወጣው በ1906 ነው። ኖርዌይ ከስዊድን ተለይታ ራሷን የቻለችው በ1905 መሆኑን ልብ በሉ። እንደ እኔ አስተያየት ይህ መገጣጠም ለነጋዴው ሲሳይ ሆኖለታል። አዲስ ነፃነት ያገኘ ሕዝብ «የራሳችን» የሚለው ነገር ይፈልጋል፤ ከአገሩ ላሞች ወተት የተሠራ ቸኮሌት ደግሞ ለዚህ የተመቸ ነበር። ትሮነ ሆልስትም ማስታወቂያ የሚያውቅ ሰው ነው። ከ1909 ጀምሮ በዋና ከተማዋ ትልቅ ጎዳና ላይ፣ ኤገርቶርገት በሚባለው አደባባይ፣ የፍሬያ የመብራት ማስታወቂያ ተተክሎ ነበር። ዛሬም የኦስሎ ሰው ሲቀጣጠር «ከፍሬያ ሰዓት ሥር» ብሎ ይቀጣጠራል።

እስከዚህ ድረስ የአንድ ጎበዝ ነጋዴ ታሪክ ነው፤ እንዲህ ያለ ሰው በየአገሩ አለ። ከዚህ በኋላ ያለው ግን ለየት ይላል።

የቸኮሌት ፋብሪካ ወንዶችን በመኪናና በሸክም ሥራ ያሠራል። የሚቀርጹት፣ በወረቀት የሚጠቀልሉትና በካርቶን የሚደረድሩት ግን በብዛት ሴቶች ነበሩ። በዚያን ጊዜ የኖርዌይን ወጣቶች ከማንኛውም በሽታ ይበልጥ የሚቀጥፈው የሳንባ ነቀርሳ ነበር። ብዙ ሰው በአንድ ክፍል ተጠጋግቶ በሚሠራበት ቦታ አንዲት የምታስል ሠራተኛ ስንቱን ልታስይዝ እንደምትችል አስቡት። ፍሬያ በ1917 ካርል ሺዮትስ የሚባለውን ሐኪም የፋብሪካው ሐኪም አድርጎ ቀጠረ። በኖርዌይ አንድ ድርጅት የራሱን ሐኪም ሲቀጥር ይህ የመጀመሪያው ነው። ሐኪሙ የታመመን ብቻ የሚያክም አልነበረም፤ ጤነኛውንም እየመረመረ በሽታ ሳይጸና ለመያዝ ይሞክር ነበር። ይህ ሐሳብ ዛሬ ተራ ነገር ይመስለናል፤ ያኔ ግን አዲስ ነበር።

ስለ ሺዮትስ አንድ ነገር ሳልጨምር አላልፍም፤ ምክንያቱም ብዙ የሌላ አገር ሕፃናት ስሙን ሳያውቁት ጠቅሟቸዋል። ይህ ሰው የከተማይቱ የትምህርት ቤቶች ሐኪምም ነበር። በ1930ዎቹ መጀመሪያ ለተማሪዎች ይሰጥ የነበረው ትኩስ ምግብ ቀርቶ በምትኩ ቀዝቃዛ ቁርስ እንዲሰጥ አደረገ። ቁርሱ ያልተበጠረ የስንዴ ዳቦ፣ ወተት፣ አይብ፣ ግማሽ ብርቱካን ወይም ፖም ወይም ጥሬ ካሮት፣ በክረምት ደግሞ የዓሣ ዘይት ነበረበት። «የኦስሎ ቁርስ» ተብሎ በሌሎች አገሮችም ተወርቶለታል። ትሮነ ሆልስት ራሱም ለምግብ ጥናት ገንዘብ የሚሰጥ ሰው ስለነበረ፣ በኦስሎ ዩኒቨርሲቲ የምግብ ጥናት ተቋም በስሙ ተጠርቷል። ጣፋጭ ሸጦ የከበረ ሰው ስለ ካሮትና ስለ ዓሣ ዘይት ለሚመረምሩ ሰዎች ገንዘብ ሲሰጥ ፈገግ የሚያሰኝ ነገር አለው፤ እርሱ ግን ቸኮሌትን ምግብ እንጂ ቅንጦት ነው ብሎ አልሸጠም።

አሁን ወደ ምሳ ቤቱ እንምጣ።

በ1922 ትሮነ ሆልስት ለሴት ሠራተኞቹ መመገቢያ ክፍል ሥዕል እንዲሥልለት ለአንድ ሰው ሥራ ሰጠ። ያ ሰው ኤድቫርድ ሙንክ ነው። ስለ ሥዕል የሚያውቁ ሰዎች ስሙን ሲሰሙ የሚያስታውሱት ድልድይ ላይ ቆሞ ጆሮውን በእጆቹ ይዞ የሚጮኸውን ሰው ነው። ሙንክ በዚያን ጊዜ ስሙ በአውሮፓ ሁሉ የታወቀ፣ ሥራውም በየቤተ መዘክሩ የሚፈለግ ሠዓሊ ነበር። እናቱ በሳንባ ነቀርሳ የሞተችው በ1868፣ ማለት ትሮነ ሆልስት በተወለደበት ዓመት ነው። እኅቱም በ1877 በዚያው በሽታ ሞታበታለች። ብዙዎቹ ሥዕሎቹ ሕመምና ሞት የሞላባቸው ከዚህ የተነሣ ነው።

ለፍሬያ ሴቶች የሣላቸው 12 ሥዕሎች ግን ሌላ ናቸው። የታመመ ሰው አይታይባቸውም። በበጋ ወራት በባሕር ዳር ያለች አንዲት ትንሽ መንደር ኑሮ ነው የተሣለባቸው፤ ልጃገረዶች ፍሬ ይለቅማሉ፣ አበባ ውኃ ያጠጣሉ፣ ሰዎች በባሕሩ ዳር ይጨፍራሉ። በኖርዌይ ክረምቱ ረጅም፣ ቀኑም አጭር ነው። ጧት በጨለማ ወደ ፋብሪካ ገብታ ማታ በጨለማ የምትወጣ ልጅ፣ እኩለ ቀን ላይ ለግማሽ ሰዓት ያህል የበጋ ፀሐይ ፊቷ ላይ ተቀምጦ ታይ ነበር። ትሮነ ሆልስት እነዚህን ሥዕሎች በቤቱ ሳሎን ሊሰቅላቸው ይችል ነበር። ወይም በዳይሬክተሩ ቢሮ። በምሳ ቤት ነው ያስቀመጣቸው። ሠራተኛው ሲበዛ በ1934 ሰፊ አዳራሽ ተሠርቶ ሥዕሎቹ ወደዚያ ተዛወሩ፤ ከፋብሪካውም ጎን ሐውልት የቆመበት የአትክልት ቦታ ለሠራተኞቹ ተከለለ።

እንግዲህ ጥያቄያችን እዚህ ላይ ይነሣል። ይህ ሁሉ ደግነት ነው ወይስ ሒሳብ?

ሒሳብ ነው የሚለው ሰው ማስረጃ አያጣም። ጤነኛ ሠራተኛ ከሥራ አይቀርም። ደስ ያለው ሠራተኛ ለሌላ ፋብሪካ ጥሎ አይሄድም። የሚበላ ነገር የሚሠራ ፋብሪካ ደግሞ ንጹሕ መባል አለበት፤ ንጽሕናውም ራሱ ማስታወቂያ ነው። በእንግሊዝ አገር ካድበሪ የተባሉት የቸኮሌት ባለቤቶችም ከ1890ዎቹ ጀምሮ ቦርንቪል በምትባል ቦታ ከፋብሪካቸው አጠገብ የአትክልት ቦታ ያላቸው ቤቶች ሠርተው ነበር። ስለዚህ ሐሳቡ በዘመኑ የነበረ ነው፤ ትሮነ ሆልስት ብቻውን የፈጠረው አይደለም።

ደግነት ነው የሚለውም መልስ አለው። ለጤንነት ሐኪም ይበቃል፤ ለንጽሕና ኖራ የተቀባ ነጭ ግድግዳ ይበቃል። ሙንክን ምን አመጣው? የትኛውም የሒሳብ ሹም «በግድግዳው ላይ የሚጨፍሩ ሰዎች ስላሉ ይህን ያህል ተጨማሪ ካርቶን ተሞላ» ብሎ በመዝገብ ሊጽፍ አይችልም።

የእኔን ሐሳብ ብትጠይቁኝ ሁለቱም ተቀላቅለው የነበሩ ይመስለኛል፤ መቀላቀላቸውም አያሳፍርም። ትርፍ የማያገኝ ፋብሪካ ሐኪም ሊቀጥር አይችልም። የሚያሳስበኝ ሌላው ነገር ነው። ስጦታ የሰጪው ነው። ባለቤቱ ወድዶ የሰጠውን ባለቤቱ ሲሞት ወይም ሐሳቡን ሲለውጥ ሊነሣ ይችላል። በ1919 የኖርዌይ ፓርላማ በቀን የስምንት ሰዓት ሥራ ሕግ ሲያወጣ፣ ያ ሕግ ለደጉም ለክፉውም አሠሪ አንድ ሆነ። የፍሬያዋ ልጅ ጥሩ ጌታ ስለደረሳት በሰዓቱ ወደ ቤቷ ትሄዳለች፤ የክብሪት ፋብሪካዋ ልጅስ? ለእርሷ ሥዕል ሳይሆን ሕግ ነው ያስፈለጋት። ከእኛም መካከል ወላጆቹ ዳቦ ቤት ወይም ሱቅ ያላቸው፣ ነገም ራሱ ሰው ቀጥሮ የሚያሠራ አይጠፋምና፣ በጥናት ቡድናችሁ ይህን ተወያዩበት፦ ለሠራተኛ የሚገባውና ለሠራተኛ የሚሰጠው የሚለያዩት የት ላይ ነው?

ሌላም የምንረሳው ነገር አለ። ካካዎ በኖርዌይ አይበቅልም። ትሮነ ሆልስት ፋብሪካውን በሚያስፋፋበት ጊዜ ለአውሮፓ ቸኮሌት ይውል ከነበረው ካካዎ ብዙው የሚመጣው በፖርቱጋል ሥር ከነበረችው ከሳኦ ቶሜ ደሴት ነበር። በዚያም ከአንጎላ በግድ የተወሰዱ ሰዎች በስም «ውለታ የፈረሙ ሠራተኞች» ተብለው፣ በተግባር ግን እንደ ባሪያ ሆነው ይሠሩ ነበር፤ ወደ አገራቸው የሚመለስ አልነበረም። ሄንሪ ኔቪንሰን የተባለ እንግሊዛዊ ጋዜጠኛ ቦታው ድረስ ሄዶ ጉዳዩን ካጋለጠ በኋላ፣ ካድበሪና ሌሎች ፋብሪካዎች በ1909 ከደሴቲቱ መግዛት አቆሙ። ፊታቸውንም ወደ ጎልድ ኮስት፣ ማለት ወደ ዛሬዋ ጋና፣ አዞሩ፤ በዚያ ካካዎውን የሚያመርቱት በራሳቸው መሬት ያሉ ገበሬዎች ነበሩ። በምሳ ቤት ግድግዳ ላይ ፍሬ የሚለቅሙ ልጃገረዶች በተሣሉበት ዘመን፣ የካካዎውን ፍሬ የሚለቅመው ሰው ቸኮሌት ቀምሶ የማያውቅ ነበር ብንል ብዙ አንሳሳትም። የአንድ ደግ አሠሪ ደግነት አብዛኛውን ጊዜ በፋብሪካው አጥር ላይ ያበቃል፤ ከአጥሩ ውጭ ያለውን ሰው ስለማያየው ነው።

ወደ ቤተ ሰቡ እንመለስ። ትሮነ ሆልስት በ1916 በስዊድን ሌላ ኩባንያ አቋቋመ። ፍሬያ የሚለውን ስም ግን እዚያ ሊጠቀምበት አልቻለም፤ ስዊድን ውስጥ ሌላ ድርጅት ይዞታል። ስለዚህ በፍሬያ ምልክት ላይ ከነበረችው ወፍ ስም ተዋሰና ኩባንያውን «ማራቡ» አለው። ይህን ስም ስንሰማ እንግዳ ወፍ እንዳይመስለን። ማራቡ ማለት እኛ አባ ኮዳ የምንለው፣ በሐዋሳ ሐይቅ ዳር ዓሣ በሚሸጥበት ቦታ ተኮፍሶ ቆሞ የዓሣ ጭንቅላት የሚጠብቀው መላጣ ወፍ ነው! ስዊድኖች በዚህ ስም ቸኮሌት ሲገዙ ይህን እያሰቡ አይመስለኝም።

የማራቡን ሥራ እንዲመራ የተላከው ልጁ ሄኒንግ ነው። በ1918 ሥራውን ሲረከብ ዕድሜው 23 ነበር፤ አባቱ ፍሬያን ሲገዛ ከነበረው ዕድሜ በአንድ ዓመት ያነሰ መሆኑ ነው። አባት ለልጅ ገንዘብ ማውረስ ይችላል፤ ሞያ ማውረስ ግን ሁልጊዜ አይሳካም። በዚህ ቤት ተሳክቷል። ሄኒንግም በሱንድቢበርግ ባለው ፋብሪካ አጠገብ እንደ አባቱ የአትክልት ቦታ ሠርቶ በሐውልት አስጌጠው።

በ1937 ፍሬያ ክቪክ ሉንሽ የሚባል ቸኮሌት የተቀባ ብስኩት አወጣ። ኖርዌጃውያን በበረዶ ላይ ሲንሸራተቱና ተራራ ሲወጡ በኪሳቸው የሚይዙት ስንቅ ነው። መጠቅለያው አረንጓዴ፣ ቢጫና ቀይ ስለሆነ የእኛ አገር ሰው ሲያየው ሳያስበው ቆም ይላል። ከሦስት ዓመት በኋላ፣ በ1940፣ ጀርመኖች ኖርዌይን ያዙ፤ ካካዎ የሚያመጡት መርከቦች ተቋረጡ፤ ይህም ብስኩት ጠፍቶ የተመለሰው ጦርነቱ ካበቃ ከዓመታት በኋላ ነው። ትሮነ ሆልስት አገሩ ነፃ ስትወጣ አይቶ በ1946 ሞተ።

ፍሬያና ማራቡ በ1990 ተዋሕደው አንድ ኩባንያ ሆኑ። በ1993 ደግሞ ክራፍት ለሚባለው የአሜሪካ ኩባንያ ተሸጡ። ከ2012 ወዲህ የሞንደሊዝ ንብረት ናቸው። ገዢው ኩባንያ ትልቅ ነው፤ ጽሕፈት ቤቱ በሌላ አህጉር ነው፤ የሩደሎካ ፋብሪካ ከብዙዎቹ አንዱ ብቻ ሆነ። ይህ ምን ማለት እንደሆነ በ2023 ታየ። ሞንደሊዝ ከዩክሬን ጦርነት በኋላም በሩሲያ መሥራቱን ስላላቆመ፣ በኖርዌይ ያሉ የአየር መንገድና የሆቴል ድርጅቶች ሸቀጡን አንገዛም አሉ። ሸቀጡ ማለት ደግሞ በኖርዌይ ፍሬያ ነው። የኦስሎ ሠራተኞች እነርሱ ባልወሰኑት ውሳኔ ምርታቸው ከመደርደሪያ ሲነሣ አዩ። በትሮነ ሆልስት ጊዜ ቢሆን ኖሮ ቅር ያላቸው ነገር ቢኖር ሄደው የሚያንኳኩት በር እዚያው ግቢ ውስጥ ነበር።

ፋብሪካው ግን አሁንም ሩደሎካ ነው፤ ቸኮሌትም ይሠራበታል። ሲሸጥ ሥዕሎቹ ከግድግዳው አልወረዱም። በአዳራሹ የሙዚቃ ዝግጅት ሲኖር ከውጭ የሚመጣ እንግዳም ገብቶ ያያቸዋል።